ቢያድግልኝ ነው

የቢያድግልኝ ሥራ ሰው መሆን ነበር። ራሱን አይደለም፤ ሌላ ሰው። ራሱን መሆንማ ያን ያህል አይሆንለትም፤ ሚስቱ የትምወርቅ እንደምትለው ቤቱ ውስጥ ራሱን ሆኖ የሚገኘው እንቅልፍ ሲወስደው ብቻ ነው፤ ያኔም ቢሆን አንዳንዴ በጎረቤቱ ማንኮራፋት ያንኮራፋል።

ነገሩ የተጀመረው ሲኒማ የሚባል ጉድ ሶዶ ከመድረሱ በፊት፣ በልቅሶ ቤት ነው። በዚያ ዘመን ትልቅ ሰው ሲሞት በልቅሶው ሜዳ ላይ ምስሉ ይቆምለታል፤ እንጨት ላይ የሟች ካባ ይደረባል፣ ባርኔጣው ከላይ ይደፋል፣ ጋሻው ከጎን ይንጠለጠላል። ታዲያ የአንድ ሽማግሌ ወታደር ምስል ንፋስ መታውና በግንባሩ ተደፋ። ለቀስተኛው ወይ ጉድ እያለ ሲተራመስ ቢያድግልኝ ካባውን ከመሬት አነሣና ራሱ ላይ ጣል አደረገው። ከዚያማ ሟች እንደሚያነክሰው እያነከሰ፣ ሟች እንደሚያደርገው መንገድ ላይ ቆም እያለ ጉሮሮውን እየጠረገ ሜዳውን ዞረው። የሟች ሚስት ራሷን ሳተች። ስትነቃ መጀመሪያ ያለችው «ድገመው» ነው። ከዚያ ወዲህ ከሻንቶ እስከ ቦዲቲ ልቅሶ የደረሰበት ሁሉ ምስል ማቆሙን ትቶ ቢያድግልኝን ማስጠራት ያዘ። አንዳንዱማ ገና በጤናው አስጠርቶት «እስቲ እኔን ሁንልኝና ልየው» ይለው ነበር፤ አይቶም የተደሰተ የለም።

ጣሊያን ሶዶን ሲይዝ ሟቹ በዛ፣ ልቅሶው ግን ቀረ። ሰው ዘመዱን ድምፁን አጥፍቶ ይቀብር ጀመር። ቢያድግልኝም እጁን አጣጥፎ ተቀመጠ። የትምወርቅ ከእናቷ ጓሮ በሚመጣው ቆጮና ጎዳሬ ቤቱን ስታቆም ከረመች፤ ይህንንም በቀን አንዴ ሳታስታውሰው አትውልም።

እንዲህ እያሉ ሳለ አንድ ቀይ ጺም ያለው ቀጭን ጣሊያን፣ ሲኞር ፒኖ የሚሉት፣ ባለ ሦስት እግር ሣጥን በበቅሎ አስጭኖ ከዳሞታ ተራራ ሥር ደረሰ። ሣጥኑ አንድ ዓይን አለው። በዚያ ዓይን ያየውን ሁሉ ይውጥና ሌላ ቀን ጀንበር ስትጠልቅ አቡጀዲ ላይ መልሶ ይተፋዋል። ሲኞር ፒኖ የተላከው የዚህ አገር ሰው በጣሊያን መምጣት ምንኛ እንደ ተደሰተ ቀርጾ ለአገሩ ሰዎች እንዲያሳይ ነበር። ችግሩ፣ የተደሰተ ሰው አጣ። ገበያ መሀል ሣጥኑን ሲያቆም ሰው ይበተናል፤ ያልተበተነውም ፊቱን አጨማዶ ያፈጥበታል። ሰውዬው ሊያለቅስ ደረሰ።

ያዘነለት አስተርጓሚው ዓምደሚካኤል ነው። ዓምደሚካኤል የሶዶ ልጅ ነው፤ ከነጋዴ አባቱ ጋር አስመራ ሲመላለስ ጣልያንኛ ለቃቅሞ መጥቶ፣ ጣሊያን ሲገባ ወድዶም ሳይወድም አስተርጓሚ ሆነ። ሆዱ ከማን ጋር እንደሆነ ማንም አያውቅም፤ ምናልባት እሱም አያውቅም። የሆነው ሆኖ ሲኞር ፒኖን አይዞህ አለው። የተደሰተ ሰው ባይኖርም የተደሰተ ሰው መሆን የሚችል ሰው አለ ብሎ ቢያድግልኝን ይዞለት መጣ።

ያ ረጅም ሥራ እንዲህ ተጀመረ። ቢያድግልኝ በመጀመሪያ ደስ ያለው ገበሬ ሆነ። ቀጥሎ መርፌ ተወግቶ የዳነ በሽተኛ ሆነ፤ እንዲያውም ከመዳኑ በፊት እንዲህ አድርጎ ስለ ታመመ የጣሊያኑ ሐኪም የእውነት መስሎት ደረቱን አዳመጠው። መንገድ ስለ ተሠራለት የሚመርቅ ነጋዴ ሆነ። በአርባ ዓመቱ ፊደል የሚቆጥር ተማሪ ሆነ። የሙሽራ አባት ሆነ፤ ሙሽራ አልነበረችም እንጂ። ሲኞር ፒኖ ወደ ጅማ ሄዶ በተመለሰ ቁጥር ሌላ ሰው ይፈልጋል፤ ቢያድግልኝም ያን ሰው ሆኖ ይጠብቀዋል። ዓመት አለፈ፣ ሌላ ዓመት ተተካ፣ እሱም በሣጥኑ ፊት ያልሆነው ሰው እያለቀ መጣ።

በመጀመሪያው ቀን ግን አንድ ጥፋት አጥፍቶ ነበር። ደስ ያለው ገበሬ ሆኖ ሲስቅ ዓይኑን አንሥቶ የሣጥኑን ዓይን አየው። ማን በዓይኑ ፊት የቆመውን ሳያይ ያልፋል? ሲኞር ፒኖ ባርኔጣውን መሬት ላይ ጥሎ ረገጠው። ዓምደሚካኤል እንዳስረዳው ከሆነ፣ ሰው የሣጥኑን ዓይን ያየ እንደሆነ ሥዕሉ የተቀረጸበት የሣጥኑ ክር አይረባም፤ በመቀስ ተቆርጦ ይጣላል፤ የሚጣለው ክር ደግሞ ከሮም ድረስ የመጣ ነው። ቢያድግልኝ ይቅርታ ጠየቀ፣ ሁለተኛም አላየም። ነገሩን ግን በሆዱ አኖራት።

የተቀረጸው ሁሉ ሶዶ ገበያ ዳር ይታያል። ከአብዱሰመድ ሱቅ የመጣ አቡጀዲ ይወጠራል፣ ሕዝቡም በግድም በውድም ይሰበሰባል። የሚመጣው ጣሊያንን ለማየት እንዳይመስላችሁ፤ ቢያድግልኝን ለመያዝ ነው። ሁሉን የሚቀድመው ደግሞ ጩማ ነው። ጩማ ከቦዲቲ ወዲህ ቅቤ እያመጣ የሚሸጥ ወላይታ ነው፤ ዳሞታ ጫፍ ላይ ሆኖ ቢጣራ ሁምቦ፣ ተበላ ገበያ ድረስ ይሰማል የሚባልለት። በሽተኛው አቡጀዲው ላይ ብቅ ከማለቱ ጩማ ይነሣና «ቢያድግልኝ ነው!» ይላል። ሕዝቡ በሳቅ ያሽካካል። ተማሪውም ሲመጣ «ቢያድግልኝ ነው!»፣ ነጋዴውም ሲመጣ «ቢያድግልኝ ነው!» አንድ ጊዜማ ፊቱን እስከ አፍንጫው ተከናንቦ እንስራ ያዘለች አሮጊት ሆነና ዛሬስ አያውቀኝም አለ። ጩማ ከላይ እስከ ታች አየና በእግሩ አወቀው።

ቢያድግልኝ በዚህ ነገር ልቡ ይቆስል ነበር። ሌላው የሚስቀው ስለ ወደደው ነው፤ እሱ ግን የተሰደበ ይመስለዋል። ሰው ሆኖ ሳለ ቢያድግልኝ ከተባለማ ምኑን ሆነው? ምኞቱ አንዲት ነበረች፤ ከመሞቱ በፊት አንድ ጊዜ፣ አንድ ጊዜ ብቻ፣ ስሙን ሳይጠሩት ሥራውን እንዲያዩለት። ይህን ለየትምወርቅ ሲነግራት ምጣዱን ቀና ሳታደርግ የሰጠችው መልስ፣ ስምህ እንዲጠፋ ከፈለግህ እንደ ወንድሜ ጫካ ግባ የሚል ነው። እሷ ራሷ ስሙን መጥራት ከተወች ቆይታለች። ሰውዬው ነው የምትለው። ሰውዬው በልቷል? ሰውዬው ዛሬ ማን ሆኖ ዋለ?

አትፈረድባትም። ወንድሟ ባላምባራስ ቦጋለ ጠመንጃውን ይዞ ሁምቦ ቆላ ከወረደ ሰንብቷል፤ ተበላ ገበያ ላይ ዛሬ እዚህ ታየ፣ ነገ እዚያ መታ የሚባለው እሱ ነው። ባሏ ደግሞ ለጣሊያን ሣጥን ጥርሱን ያገጣል። አንዲት እህት ይህን ሁለት ነገር በአንድ ማጀት ይዛ መኖር ምን እንደሚመስል እናንተው ገምቱት።

አዲስ ካፒቴን የመጣው በዚህ መካከል ነው። ትከሻው ሰፊ፣ አንገቱ አጭር፤ በወጣትነቱ ብረት ያነሣ ነበር አሉ፤ አሁንም ሰው ፊት ሲቆም ክንዱን መዳበስ ይወድዳል። ይህ ሰው ገና እግሩ ሶዶን ከመርገጡ ቦጋለን አስገባዋለሁ፣ ለመንግሥት እጁን ይሰጣል ብሎ ለጅማ አለቆቹ ላከ። ቦጋለን ግን አያውቀውም፤ ቦጋለም እሱን ከቁም ነገር አልቆጠረውም። ጅብ በማያውቁት አገር ሄዶ ቁርበት አንጥፉልኝ አለ። የጅማው ጄኔራል ሶዶን ሊጎበኝ የሚመጣበት ቀን ሲቃረብና ቦጋለ ወፍ ሲሆን ጊዜ፣ ካፒቴኑ ንዴቱን የሚወጣበት አጣና ወደ ቦጋለ እናት ወደ እማማ አሳየሽ ዞረ። ጄኔራሉ ሳይመጣ ልጅሽ ካልገባ ቤትሽ ይቃጠላል፣ ጓሮሽ ያለው እንሰት ከሥሩ ይጨፈጨፋል ብሎ በአደባባይ አስነገረ። አሮጊቷ ቤቷንና ጓሮዋን ካጣች የምትሄድበት የላትም፤ የትምወርቅና ቢያድግልኝም የሚኖሩት በዚያው ግቢ ነው።

መፍትሔውን ያመጣው ያው ዓምደሚካኤል ነው። ጣሊያኖቹ ቦጋለን በመልኩ አያውቁትም። ጄኔራሉ የሚያየው ሲኒማ ነው። ሲኒማ ደግሞ ሰው አለው። ቢያድግልኝ ቦጋለን ሆኖ ካፒቴኑ ፊት ይግባ፤ ባላምባራስ ቦጋለ ገባ ተብሎ ይጻፍ፤ የገባ ሰው ቤት አይቃጠልም። ካፒቴኑ መጀመሪያ ደነፋ፣ ቀጥሎ አሰበ፣ በመጨረሻ ክንዱን ዳበሰ። ሲኞር ፒኖማ ደስታውን አልቻለውም። እንዲያውም የአገሬው ሰው ሲገባ በወጉ ድንጋይ ተሸክሞ ነው አሉ፣ እሱም ይኑርበት አለ። አንድ ነገር ብቻ ካፒቴኑ አስጠነቀቀ፤ ሲኒማው ሲታይ ጄኔራሉ ፊት አንድ ሰው ቢያድግልኝ ነው ብሎ ከጮኸ መጀመሪያ የሚቃጠለው ቤቱ ነው፣ ቀጥሎ የሚሰቀለው ቢያድግልኝ ነው።

ድንጋይ መሸከም ምን ማለት እንደሆነ ለማያውቅ ልንገር። የበደለ ሰው ድንጋይ በማጅራቱ አድርጎ፣ ራሱን ገልጦ፣ ጎንበስ ብሎ በበደለው ሰው ፊት ይቀርባል። ተበዳዩ ቀና እንዳለ ያየዋል። ልቡ የራራ እንደሆነ ምሬሃለሁ፣ ጣለው ይለዋል። በቃ፤ ከዚህ ሌላ ምሥጢር የለውም። ድንጋዩ ያለበት በዳይ ነው፣ ቀና ያለው መሐሪ ነው። ይህን የሶዶ ሕፃን ልጅ ያውቀዋል።

ቢያድግልኝ ወሬውን ይዞ ቤት ገባ። የትምወርቅ እስኪጨርስ ሰማችው። አልጮኸችም፤ ብትጮህ ይሻለው ነበር።

«ቤት ቢቃጠል ይሠራል» አለችው። «ወንድሜ ተንበርክኮ ከታየ ማን መልሶ ያቆመዋል? ሁምቦ አብረውት የሸፈቱት ልጆች ነገ ጠመንጃቸውን ይጥላሉ። አንተ ደግሞ ለምደኸዋል፣ በማግስቱ ሌላ ሰው ትሆናለህ፤ እሱ ግን ሌላ ሰው መሆን አይችልበትም።»

ሁለቱም እውነት ነው። እንቢ ቢል አሮጊቷ ሜዳ ላይ ትወድቃለች፤ እሺ ቢል የቦጋለ ስም ይወድቃል። የአህያ ባል ከጅብ አያስጥልም የተባለው እሱን ለመሰለ ባል ነው። ለመጀመሪያ ጊዜ በዕድሜው ማንንም መሆን አላማረውም።

እማማ አሳየሽ ይህን ሁሉ ስትሰማ ትፈጭ ነበር። ስትጨርስ ወፍጮዋን ከዝናብ ልታስገባ ጎተተች፤ ያ ወፍጮ ደግሞ ከእሷ ሠርግ በፊት የነበረ፣ ሁለት ሰው የሚያስምጥ ድንጋይ ነው። ቢያድግልኝ ልርዳሽ እማማ ብሎ ተነሣና ከበሩ ሥር ተሸክሞ አመጣላት። ሊያኖረው ሲል እግሯ ሥር ተደፋ ማለት ይቀላል፤ ድንጋዩ ከብዶት አንድ ጉልበቱ መሬት ነካ። አሮጊቷ ቀና ብላ ቆማ፣ ቀስ አድርገህ አኑረው እንዳይሰበር እያለች ከላይ ታየዋለች።

ቢያድግልኝ እንደ ተንበረከከ ቀረ። ከዚያ ሳቁ መጣበት። የትምወርቅ፣ በዚህ ሰዓት የሚስቅ ሰው ምን ዓይነት ሆድ ነው ያለው ብላ ፊቷን ስታዞርበት እንኳ አላቆመም። ምን እንዳሰበ አልነገራትም፤ ዝም አይነቅዝም። አማቱን ብቻ ወፍጮሽን አውሺኝ አላት። አሮጊቷ ዓይን ዓይኑን አይታው ውሰደው አለችው።

የቀረጻው ቀን ቢያድግልኝ በርኖስ ደርቦ፣ ጺሙን እንደ ቦጋለ አበጥሮ፣ እንደ ቦጋለ ግራ ትከሻውን ዘቅ አድርጎ ሲመጣ ዓምደሚካኤል ሳያስበው ወደ ኋላ አፈገፈገ። ቦጋለን ያውቀዋልና። ካፒቴኑ ሜዳው መሀል ክንዱን አጣጥፎ ቆሟል፤ ሲኞር ፒኖ ሣጥኑን ተክሏል። ወፍጮው ቢያድግልኝ ማጅራት ላይ ተጫነ። ጎንበስ ብሎ ሄደ፣ ሄደና ካፒቴኑ ፊት ሲደርስ ቀና ብሎ የሣጥኑን ዓይን ትክ ብሎ አየው።

ሲኞር ፒኖ ክሩ ተበላሸ ብሎ ጮኸ። እንደገና። ቢያድግልኝ እሺ አለ፣ ይቅርታ ጠየቀ፣ እንደገና ሄደ፣ እንደገና አየ። ሦስተኛ ላይማ ጠቀሰው። የሲኞር ፒኖ ባርኔጣ መሬት ላይ ወደቀ፣ ተረገጠ። ስንት ዓመት አብረን ሠርተን ዛሬ ምን ነካህ ሲባል፣ ቢያድግልኝ እንባ ባቀረረ ዓይን፣ ድንጋዩ ማጅራቴን ሲጫነኝ ዓይኔ በራሱ እየወጣ ነው እንጂ እኔስ ምን አለብኝ ይላል። ከሮም የመጣው ክር እያለቀ ሄደ። በመጨረሻ ሲኞር ፒኖ ተስፋ ቆርጦ የመሸከሙ ነገር ይቅር፣ ወደ ምሕረቱ እንለፍ አለ።

ካፒቴኑ በእናንተ ወግ የሚምረው ሰው ምን ያደርጋል ብሎ ጠየቀ። ቢያድግልኝ ይህችን ነበር የሚጠብቃት። በትሕትና እጅ ነሥቶ ለዓምደሚካኤል አስረዳው፤ በእኛ ወግ የሚምረው ሰው ድንጋዩን ከበደለኛው ማጅራት ተቀብሎ በራሱ ማጅራት ያደርገዋል፤ ጥቂት ይሄድና በበደለኛው እግር ሥር ቀስ ብሎ ያኖረዋል። ድንጋዩ ድም ብሎ ከወደቀ ግን ዕርቁ ፈረሰ።

የዓምደሚካኤል አፍ ተከፍቶ ቀረ። ወጉን ከእናቱ ጡት ጋር የጠባው ሰው ነው። ቢያድግልኝን አየው፣ ወፍጮውን አየው፣ ካፒቴኑን አየው። የታችኛውን ከንፈሩን ነከሰ። በዚያች ቅጽበት ሆዱ ከማን ጋር እንደሆነ ገባው መሰለኝ፣ ቃል ሳያጎድል ተረጎመው፤ እንዲያውም ከራሱ አንዲት ጨመረበት። ባርኔጣም ይወልቃል አለ።

ሲኞር ፒኖ ይህን ሲሰማ ካፒቴኑን ሊያቅፈው ቃጣ። ሸክማቸውን እኛ ተሸከምንላቸው ማለት አይደል? ከዚህ የበለጠ ምን ይፈለጋል? ካፒቴኑም ክንዱ ሊታይለት ነውና አላመነታም። ባርኔጣውን አወለቀ። ሁለት ሰዎች ወፍጮውን አንሥተው ማጅራቱ ላይ ጫኑለትና ከሣጥኑ ፊት ዘወር አሉ። የአሳየሽ ወፍጮ ግን ከብረት ጋር አይነጻጸርም። ሰውዬው ሲራመድ አንገቱ ወደ ውስጥ ገባ፣ ፊቱ የበርበሬ ዳጣ መሰለ። ቢያድግልኝ በርኖሱን ደርቦ፣ ደረቱን ነፍቶ፣ ቀና ብሎ ቆሟል። ካፒቴኑ እፊቱ ሲደርስ እንዳይወድቅ እንዳይወድቅ እያለ ጎነበሰ፣ ጎነበሰና አንድ ጉልበቱ መሬት ነካ። ወፍጮው ቢያድግልኝ እግር ሥር አረፈ። ቢያድግልኝም እንደ ባላምባራስ ቦጋለ ሆኖ፣ ቀስ ብሎ፣ እጁን በካፒቴኑ ትከሻ ላይ አኖረ። በዚህ ሁሉ ጊዜ የሣጥኑን ዓይን አንዴም አላየውም።

ጄኔራሉ መጣ። አቡጀዲው ተወጠረ። ወፍጮውን እንኳ ለመታሰቢያ ብለው ከአቡጀዲው ሥር አስቀመጡት። ሕዝቡ ቀኑን ሙሉ ሲነዳ ውሎ ተሰበሰበ፤ ቦጋለ ገብቷል የሚለው ወሬ ከፊቱ ደርሶ ስለ ነበር ልቅሶ የመጣ ነው የሚመስለው። ቢያድግልኝ እዚያ እንዳይታይ ተከልክሏል። መቅረት ግን አልሆነለትም። ነጠላ ተከናንቦ፣ ጀርባውን አጉብጦ፣ አሮጊት ሆኖ በአማቱና በሚስቱ መካከል ተቀመጠ። የትምወርቅ ሰውዬው መሆኑን ስታውቅ ጀርባዋን ሰጠችው።

የፈራው ካፒቴኑን አልነበረም፤ ጩማን ነው። ሌላው ሰው ክፉ ቀን ያስተማረው ነው፣ ምላሱን ይይዛል። ጩማ ግን እንዲህ ያለ ነገር ከመቼ ወዲህ! ደግሞ ከፊት ለፊት፣ ከጄኔራሉ ወንበር አጠገብ ተቀምጧል። ቀድሞ ሄዶ እንዳይለምነው ምን ብሎ ይለምነዋል? አደራ አትጩህ የተባለ ሰው መጮህ ነው የሚያምረው። ቢያድግልኝ በነጠላው ውስጥ ላብ አጠመቀው።

መንገዱ ታየ፣ ድልድዩ ታየ፣ ወታደሩ ተሰልፎ ታየ። ከዚያ በርኖስ የደረበው ሰው ብቅ አለ። ደረቱን ነፍቶ ቆሟል። ከወዲያ ደግሞ አንድ ሰው ራሱን ገልጦ፣ ማጅራቱ ላይ ድንጋይ ተሸክሞ፣ እየተንገዳገደ ይመጣል። ካፒቴኑ ነው። መጣ፣ መጣና ተንበረከከ። ዓምደሚካኤል ከሲኒማው ጎን ቆሞ ባላምባራስ ቦጋለ ለመንግሥት ገባ የሚለውን ቃል እያነበበ ነው፤ ግን ማን ይስማው? ዓይን እያየ ጆሮ ምን ሊሠራ? የትምወርቅ ቀስ ብላ ዞረች። አሮጊት ሆኖ የተቀመጠውን ባሏን ለማየት አፈረች፤ ወፍጮውን አየች፣ እናቷን አየች፣ መልሳ አቡጀዲውን አየች።

ያኔ ጩማ ተነሣ።

እንደ ልማዱ ደረቱን ነፋ። እንደ ልማዱ አፉን ከፈተ። ቢያድግልኝ ዓይኑን ጨፈነ፤ በልቡ የተሰቀለ ሰው መሆን ጀመረ። እንደ ጨፈነም የጩማ ድምፅ ገበያውን ሞላው።

«ባላምባራስ ቦጋለ ነው!»

ከዚያ እልልታው ፈነዳ። ከሴቶቹ ጀመረ፣ ወንዶቹ በጭብጨባ ተቀበሉት፣ በአማርኛም በወላይትኛም የቦጋለ ስም ከአፍ አፍ ዘለለ። አንድም ሰው፣ በእግዜር ስም፣ ከዚያ ሁሉ ሕዝብ አንድም ሰው ቢያድግልኝ አላለም። ጄኔራሉ በደስታ ተነሥቶ አጨበጨበ። ሕዝቡ በቦጋለ መግባት ይህን ያህል መደሰቱን አልጠበቀም ነበር። ካፒቴኑንም አመሰገነው፤ ካፒቴኑ ክንዱን ዳበሰ።

ጄኔራሉ የባላምባራሱን እናት አቅርቡልኝ አለ። እማማ አሳየሽ ተነሥታ ሄደች። ወፍጮዋ አጠገብ ስትደርስ ቆመች፣ ካፒቴኑንም ከራስ ጸጉሩ እስከ ጫማው አየችው። ዓምደሚካኤል ለካፒቴኑ በጆሮው የሆነ ነገር ነገረው፤ ካፒቴኑም ባርኔጣውን አወለቀ። አሮጊቷ እጇን ትከሻው ላይ አኖረች።

«ልጄ ከማረው እኔም ምሬዋለሁ በለው» አለች። «ወፍጮዬን ግን ቤቴ ያድርስልኝ።»

ዓምደሚካኤል ዞሮ፣ በዕንባ ታመሰግንሃለች ብሎ ተረጎመ። የወፍጮውንም ነገር እሱ ራሱ አስፈጸመው፤ በማግስቱ በወታደር ተጭኖ ቤቷ ገባ። ቤቱ አልተቃጠለም፣ እንሰቱም አልተነካም። ባላምባራስ ቦጋለ በጣሊያን መዝገብ የገባ ሰው ነው፤ የገባ ሰው ደግሞ አይታደንም። ተበላ ገበያ እንደ ተወራው ከሆነ ግን ከዚያ ሰሞን ጀምሮ ሁምቦ የሚወርደው ጎበዝ በዝቷል፤ ፈረንጅ ድንጋይ የተሸከመለትን ሰው ማን ማየት አይፈልግ?

ቢያድግልኝስ? ምኞቱ ደረሰለት። ዕድሜ ልኩን የጓጓላት ነገር፣ ስሙን ሳይጠሩት ሥራውን ማየት፣ ይኸው ሆነች። አልጣፈጠችም። ገበያ ይወጣል፤ ሰው ከወትሮው ዝቅ ብሎ እጅ ይነሣውና ምንም ሳይል ያልፋል። ጩማ በኮባ የተጠቀለለ ቅቤ እጁ ላይ ጣል ያደርግለትና ስለ ዝናቡ ያወራል። እንዴት ያለ ቦጋለ ነበርክ የሚል ጠፋ። መጠየቅም አይችልም፤ ማንም ምንም አላየማ። ኧረ እኔ ነበርኩ፣ ትከሻዬን አላያችሁም እንዴ ብሎ መጮህ ያምረዋል። እንዲህ ያለውን ሥራ ሠርቶ ለመሞት እንኳ የማይመች ሆነበት።

በሦስተኛው ቀን ጠዋት እማማ አሳየሽ ወፍጮዋ ላይ ተቀምጣ ትፈጫለች። ቢያድግልኝ በራፉ ላይ ፊቱን አጥቁሮ ኩርምት ብሏል። የትምወርቅ ከማጀት ወጣች። ወደ ደጅ አየች፣ ማንም የለም። ወደ ጓሮም አየች። ከዚያ አጠገቡ ተቀመጠችና አፏን ወደ ጆሮው አስጠግታ፣ እናቷ እንኳ እንዳትሰማ አድርጋ፣ ስንት ጊዜ ያልጠራችውን ስሙን ጠራችው።

«ቢያድግልኝ ነው» አለችው።